ደሴን በማታ ማስጎብኘት፦ የሚያስፈራውንና የሚያሳዝነውን ታሪክ እንዴት እንምራ?

ደሴ በማታ ሌላ ከተማ ናት። ጉሙ ከጦሳ ተራራ ይወርዳል። መብራቱ ይደበዝዛል። ትንሽ ራቅ ያለ ሰው ጥላ ብቻ ይሆናል። በዚህ ሰዓት እንግዳ ይዞ የወጣ አስጎብኚ ያውቀዋል፤ ጥያቄው አይቀርም። «እዚህ ሰው የሞተበት፣ የሚያስፈራ ቦታ የለም?» ይሉታል።

አለ። ወሎ ውስጥ እንዲህ ያለ ታሪክ ሞልቷል። ግን ብዙ ወጣት አስጎብኚዎች እዚህ ላይ ሲሳሳቱ አያለሁ። እንግዳውን ለማስደንገጥ ሲሉ የሌለ መንፈስ ይፈጥራሉ፤ ያልፈሰሰ ደም ያፈሳሉ። የኛ ሟቾች ግን ባለቤት አላቸው። የልጅ ልጆቻቸው እዚሁ ከተማ ዳቦ ይሸጣሉ፣ ባጃጅ ይነዳሉ፣ አጠገባችሁ ቆመው ይሰሟችኋል። እኔ ሥራውን የተማርኩት ይህን ከተረዳሁ በኋላ ነው። ዘመዱ ፊት የማታወሩትን ታሪክ እንግዳ ፊትም አታውሩት። ከዚህ በታች ያለው አሠራር ሁሉ ከዚህ የመጣ ነው።

ደረጃ 1፦ ቦታ ከመምረጥ በፊት ጥያቄ ምረጡ

አሥር ቦታ እያሯሯጡ ማሳየት እንግዳን ያደክማል እንጂ አያስደንቅም። አንድ ጥያቄ ያዙ። ቦታዎቹ ጥያቄውን ተከትለው ይምጡ።

የኔ ጥያቄ «የት ተቀበሩ?» የሚል ነው። ቀላል ይመስላል። ወሎ ላይ ግን ይህ ጥያቄ በር ከፋች ነው። ከመቅደላ የተወሰደው ልዑል ዓለማየሁ የት ተቀበረ? እንግሊዝ አገር፣ ዊንዘር ቤተ መንግሥት ግቢ ውስጥ። የሞተው በ1872 ዓ.ም. ሲሆን ገና የ18 ዓመት ልጅ ነበር። አፅሙ ይመለስ ተብሎ በ2015 ዓ.ም. ሲጠየቅም እምቢ ተብሏል። የወሎው ልጅ ኢያሱስ የት ተቀበሩ? እሱ እስከ ዛሬ የሚያከራክር ነው። ይምርሐነ ክርስቶስ ዋሻ ውስጥ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ የተከመረው አፅም የማን ነው? አያችሁ፣ አንድ ጥያቄ ብቻውን ሙሉ ማታ ይዞ ይሄዳል።

ለከተማ ውስጥ የእግር ጉዞ አራት ማረፊያ ይበቃል። ከዚያ በላይ ከሆነ ብርዱ ያሸንፋችኋል።

ደረጃ 2፦ ደብተሩን ለሦስት ክፈሉት

ይኼ የሥራው ልብ ነውና ረዘም አድርጌ ልጻፍ።

ባለ አንድ መቶ ገጽ ደብተር ግዙ። አንዱን ክፍል «የተጻፈ» በሉት። ሁለተኛውን «የሚነገር»። ሦስተኛውን «የሚጠረጠር»። የምታወሩት እያንዳንዱ ዐረፍተ ነገር ከሦስቱ በአንዱ ሥር መግባት አለበት። የትም የማይገባ ከሆነ እናንተ የፈጠራችሁት ነውና ሰርዙት።

ምሳሌ ልስጥ። የሰገሌ ጦርነት ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም. መደረጉ፣ የወሎው ንጉሥ ሚካኤል መማረካቸው፣ አዲስ አበባ ላይ በሰንሰለት ታስረው በአደባባይ ማለፋቸው «የተጻፈ» ነው። ዐፄ ዮሐንስ እዚህ ሰፍረው ሳለ ጅራታም ኮከብ አይተው ከተማዋን «ደስዬ» አሏት የሚለው ደግሞ «የሚነገር» ውስጥ ይገባል። ልጅ ኢያሱ በእስር ላይ ሳሉ በኅዳር 1928 ዓ.ም. መሞታቸው የተጻፈ ነው። ተገደሉ ወይስ ታመው ሞቱ የሚለው ግን «የሚጠረጠር» ነው።

ስታወሩም ልዩነቱ በድምፃችሁ ይታወቅ። «ተጽፎ እንደምናገኘው» ብላችሁ ጀምሩ። ወይም «አባቶች ሲያወሩ እንደሰማሁት»። ወይም «ሰው እስከ ዛሬ የሚጠረጥረው»። እንግዳው በዚህ አይሰለችም። እንዲያውም «የሚጠረጠር» የሚለው ላይ ስትደርሱ ጆሮው ሲቆም ታያላችሁ። እውነቱ በግማሽ የተሸፈነ ታሪክ ከተፈጠረ ጋኔን ይልቅ ያስፈራል።

የሐይቅን ተረት ውሰዱ። ከደሴ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ ያለው ሐይቅ እንዴት ተፈጠረ ስትሉ አንድ የቆየ ታሪክ ይነገራል። አንዲት ነፍሰ ጡር ሴት በአንዲት ልዕልት ትበደላለች። ፈጣሪ ይቆጣል። ሴትዮዋ ከተቀመጠችበት መሬት በቀር ዙሪያው ሁሉ ውሃ ይሆናል፤ ልዕልቲቱም ከነዘመዶቿ ትሰምጣለች። የተረፈችው መሬት ዛሬ እስጢፋኖስ ገዳም ያለባት ናት ይባላል። ይህን «የሚነገር» ብላችሁ ስታወሩት ምንም አይጎድለውም። እውነት ነው ብላችሁ ከተሟገታችሁ ግን ታሪኩም እናንተም ትወድቃላችሁ።

ደረጃ 3፦ የማይሄዱበትን ቦታ ለዩ

በውጭ አገር ይህ ዓይነቱ ጉብኝት ትልቅ ሥራ ነው። ለንደን ውስጥ በ1888 እ.ኤ.አ. ሴቶች የተገደሉበትን የኋይትቻፕል ሰፈር በየማታው ያስጎበኛሉ። ኤድንብራ ላይ ቡርክና ሄር የሚባሉ ሁለት ሰዎች በ1828 እ.ኤ.አ. 16 ሰው ገድለው ሬሳውን ለሕክምና መምህር የሸጡበት ታሪክ ይተረካል። ከእነሱ የምንማረው አለ፦ ሰዓት አክባሪነት፣ የተጠና መንገድ፣ ጥሩ አተራረክ። የማንወስደውም አለ። ለንደን ላይ ገዳዩ ዝነኛ ሆኖ የሞቱት ሴቶች ስም ተረስቷል እየተባለ ብዙ ሰው ቅሬታ ያነሳል። እኛ ከወዲሁ ከሟች እንጀምር።

ሥራውን በጀመርኩ ሰሞን አንድ አሮጌ ቤት በር ላይ ቡድኔን አቁሜ ነበር። እዚያ ግቢ ውስጥ ሰው ተሰቅሎ ነበር፣ ማታ ማታ ድምፁ ይሰማል ሲባል ሰምቻለሁ። እኔም ቅመም ጨምሬ አወራሁት። መስኮቱ ቀስ ብሎ ተከፈተ። ነጠላ የተከናነቡ እናት ብቅ አሉ። «ልጄ፣ ያ ሰው አባቴ ነው። አልተሰቀለም። ታሞ ነው የሞተ፤ እኔ ነኝ ያስታመምኩት» አሉኝ። አልጮኹም። ድምፃቸው ዝቅ ያለ ነበር። ከእንግዶቹ አንዷ ቀና ብላ ልታየኝ አልቻለችም። በማግስቱ ስኳርና ቡና ይዤ ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ። እማማ አስቀመጡኝና የአባታቸውን እውነተኛ ታሪክ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ነገሩኝ።

ከዚያ ወዲህ የማልሄድባቸውን ለይቻለሁ። የ2014ቱ ጦርነት ሰው የገደለበትን ቦታ አላስጎበኝም። ቁስሉ አልጠገገም። እናቶች አሁንም ያለቅሳሉ። የቀይ ሽብር ጊዜም ቢሆን ቤተሰቡ ራሱ «ተናገርልን» ካላለ በስተቀር የግለሰብ ቤት በር ላይ አልቆምም። ደሴ ሙዚየም በዚያው ጦርነት መዘረፉን ግን እናገራለሁ፤ የጠፋው የሁላችንም ቅርስ ነውና።

ቡዳን የተመለከተ ወሬም አታንሱ። ስንት ሸክላ ሠሪና ቀጥቃጭ ቤተሰብ በዚህ ወሬ ተገፍቷል! ለአንድ ማታ ድንጋጤ ሲባል የሰው ልጅ ትዳር ማጣት የለበትም።

ደረጃ 4፦ ፈቃድ

ክፍያ የምትቀበሉ ከሆነ የአስጎብኚነት ፈቃድ ያስፈልጋችኋል። ወደ ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ሂዱና የሚጠየቀውን አሟሉ። የማታ ጉዞ መሆኑን በግልጽ ተናገሩ። ጸጥታ አስከባሪዎችም መንገዱንና ሰዓቱን ይወቁ። በጨለማ አሥር ሰው ባትሪ ይዞ ሲዞር ያየ ፖሊስ ቢያስቆማችሁ አይፈረድበትም።

ለቤተ ክርስቲያን አስተዳዳሪውን፣ ለመስጊድ ኢማሙንና ኮሚቴውን ጠይቁ። በጸሎትና በሶላት ሰዓት በር ላይ አትቁሙ። ከሁሉ በፊት ግን የሰፈሩን ሽማግሌዎች አነጋግሩ። የወረቀቱን ፈቃድ ቢሮው ይሰጣችኋል፤ የሰፈሩ ሰው ደግሞ ፊቱን ይሰጣችኋል። ሁለተኛው ከሌለ አንደኛው ብዙም አይረዳችሁም።

ደረጃ 5፦ መንገዱን ሦስት ጊዜ ሂዱበት

መጀመሪያ በቀን። ጉድጓዱን፣ ክፍት ቦዩን፣ የሚያንሸራትተውን ድንጋይ ለዩ። ቀጥሎ በማታ፣ ብቻችሁን ሳይሆን ከጓደኛ ጋር። የትኛው ግቢ ኃይለኛ ውሻ አለው? ጅብ የሚወርደው በየት በኩል ነው? መብራት ሲጠፋ የትኛው ጥግ ድቅድቅ ይሆናል? ሦስተኛው ጉም ባለበት ቀን ነው። ደሴ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2400 ሜትር በላይ ላይ ናት። ጉሙ በደቂቃዎች ውስጥ ይዘጋችኋል። ያኔ ከፊት መሪ፣ ከኋላ ደግሞ ቋጣሪ ያስፈልጋል። ከኋላ ያለው ሰው ሥራው አንድ ብቻ ነው፦ ማንም ከኋላው እንዳይቀር።

ሰዓቱ እንዲህ ቢሆን ጥሩ ነው። ከቀኑ 11 ሰዓት ተኩል ላይ ተነሱ። የመጀመሪያውን ቦታ በብርሃን ያዩታል፤ ሁለተኛው ላይ ይመሻል። እየጨለመ ሲሄድ ታሪኩም እየከበደ ይሂድ። ከምሽቱ 2 ሰዓት ተኩል ላይ ጨርሱ። ከዚያ በላይ ማምሸት ለማንም አይበጅም። በክረምት ማታ ጉብኝት ባይኖር ይሻላል።

ከአሥራ ሁለት ሰው በላይ አትያዙ። ባትሪውን የምትይዙት እናንተና ቋጣሪው ብቻ ሁኑ። ብርሃኑ ወደ መሬት ይሁን፤ የሰው ፊት ላይ፣ የሰው መስኮት ላይ አይብራ። እንግዶቹ ጋቢ ወይም ጃኬት፣ የማያንሸራትት ጫማ እንዲይዙ ከዋዜማው ንገሯቸው። ትንንሽ ልጆች ካሉ ወላጆቹን አስቀድማችሁ አነጋግሩ፤ ከባድ ታሪኮቹን ማቅለል ይኖርባችኋል።

ደረጃ 6፦ አተራረኩ

አይጠየፍ አዳራሽ ጋ ስደርስ እንዴት እንደምጀምር ላሳያችሁ። ግቢው ማታ የማይከፈት ከሆነ ከውጭ ቆሜ አወራለሁ። መጀመሪያ ዝም እላለሁ። ግማሽ ደቂቃ። ከዚያ እንዲህ እላለሁ፦

«ይህን አዳራሽ ያሠሩት ንጉሥ ሚካኤል ናቸው። ስሙን ስሙት፤ አይጠየፍ። ድኃ ሀብታም ሳይል ሁሉ የሚበላበት ማለት ነው። እዚህ ጠጅ ተቀድቷል፣ ሰንጋ ተጥሏል። በጥቅምት 1909 ንጉሡ ለልጃቸው ለኢያሱ ዙፋን ሲሉ ሠራዊታቸውን ይዘው ወደ ሸዋ ዘመቱ። ቶራ መስክ ላይ አሸነፉ፤ የሸዋው ጦር አዛዥ ራስ ልዑልሰገድ እዚያ ወደቁ። ከስምንት ቀን በኋላ ሰገሌ ላይ ሁሉም ነገር ተገለበጠ። አሁን አንድ ነገር አስቡ። ስንት ሰው ከዚህ ከተማ ወጣ? ስንቱ እናት እራት አዘጋጅታ ጠበቀች?»

እዚህ ላይ እንደገና ዝም። ጥያቄውን እኔ አልመልስም። ከዚያ ወደ ኢያሱ እሻገራለሁ። ፍቼ ላይ እስራቸውን፣ በ1924 ማምለጣቸውን፣ እንደገና ተይዘው ወደ ጋራ ሙለታ መወሰዳቸውን። በመጨረሻም ያልታወቀውን መቃብር። አያታችሁ የት እንደተቀበሩ የማታውቁ ቢሆን ብላችሁ ስትጠይቁ፣ ከእንግዶቹ መካከል ሁሌም አንድ ሰው በረጅሙ ይተነፍሳል።

ጥበቡ ቀጣዩን ታሪክ በዚያው ወር ላይ ማሰር ነው። ኢያሱ በሞቱበት በዚያው ኅዳር 1928፣ በ26ኛው ቀን፣ ዓርብ ጠዋት፣ የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን ደበደቡ። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ያን ጊዜ ጦራቸውን ሊመሩ እዚህ ነበሩ። ንጉሠ ነገሥቱ መትረየስ ይዘው ሲተኩሱ የሚያሳየው ፎቶግራፍ የዚህ ከተማ ነው። የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት ሆስፒታል ሳይቀር ተመታ። የውጭ ጋዜጠኞች እዚሁ ስለነበሩ ወሬው ወዲያው ዓለምን አዳረሰ። ይህን ስናገር እንግዶቼ ወደ ጦሳ እንዲያዩ አደርጋለሁ። ከተማዋ በተራራ የታጠረች ናት። የት ይሸሻል? ይኼን ራሳቸው ያዩታል፤ እኔ መጨመር የለብኝም።

ድምፃችሁን አታስጨንቁት። ድንገት መጮህ፣ ጓደኛን ደብቆ ማስደንገጥ የመሳሰለውን ተዉት። የልብ ሕመም ያለበት እንግዳ ሊኖር ይችላል። ከዚያም በላይ ሰው ከሞተበት ቦታ ላይ መቀለድ ነውር ነው።

ደረጃ 7፦ ስለ መንፈስ ሲጠየቁ

እንግዳ ዛር፣ ቆሌ፣ ጂኒ፣ አድባር ስለሚባለው መጠየቁ አይቀርም። ንገሩት፤ አትደብቁ። ሰዉ ምን ያምናል፣ የቡና ሥርዓቱ ከዚህ ጋር ምን ያገናኘዋል፣ አድባር ዛፍ ለምን አይቆረጥም የሚለውን አስረዱ። ግን ወዳጃ የተቀመጡ ሰዎች ቤት እንግዳ እየመራችሁ አትግቡ። ዱዓ እያደረጉ ያሉ ናቸው። የታመመ ሰው ለመድኃኒት የተቀመጠበት ቤት የቱሪስት ቦታ አይደለም። ባለቤቶቹ ራሳቸው ከጋበዟችሁ ሌላ ነገር ነው፤ ያኔም ካሜራ ኪስ ውስጥ ይቆይ።

ደረጃ 8፦ ቀን ሙሉ ለሚፈልግ እንግዳ

ጠዋት በሚኒባስ ወደ ወልዲያ በሚወስደው መንገድ ውጡ። ቦሩ ሜዳ ላይ ዐፄ ዮሐንስ በ1870 ዓ.ም. የሃይማኖት ጉባኤ የጠሩበትን ታሪክ አውሩ። ከዚያ ጉባኤ በኋላ የወሎ ሙስሊም ሃይማኖቱን እንዲቀይር ተገድዷል፤ ኋላ ንጉሥ ሚካኤል የተባሉትም ያን ጊዜ መሐመድ አሊ ነበሩ። ቡድናችሁ ውስጥ ሙስሊምም ክርስቲያንም ይኖራል። ወገን ሳትይዙ፣ ሳትሸሹም ተናገሩ።

ሐይቅ ላይ ተረቱን አውሩ። ወደ እስጢፋኖስ ገዳም ሴቶች እንደማይገቡ ግን ጉዞው ሳይጀመር ተናገሩ። ደርሰው በር ላይ መመለስ ያሳዝናል። ሴቶቹ በሐይቁ ዳር የሚቆዩበትን ነገር አስቀድማችሁ አስቡ።

ከዚያ ውጫሌ። እዚህ ወንጀሉ የወረቀት ነው። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ይስማ ንጉሥ ላይ የተፈረመው ውል አንቀጽ 17 በአማርኛው ኢትዮጵያ ከፈለገች በጣሊያን በኩል ከሌሎች መንግሥታት ጋር መነጋገር ትችላለች ይላል፤ በጣሊያንኛው ግን ግዴታ አድርጎታል። ሁለቱን ቅጂ በወረቀት አዘጋጅታችሁ ለሁለት እንግዶች ስጡና ጮክ ብለው ያንብቡ። ልዩነቱን በራሳቸው ጆሮ ሲሰሙት ዓድዋ ለምን እንደመጣ ይገባቸዋል። በኔ ልምድ ከሁሉም ቦታ እንግዳን የሚይዘው ይኼ ነው።

መቅደላ ለብቻው ቀን ይፈልጋል። መንገዱም አድካሚ ነው። እዚያ ሁሉም ሰው ስለ ቴዎድሮስ ሽጉጥ ያወራል፤ ሚያዝያ 6 ቀን 1860። ሴባስቶፖል መድፍም እዚያው አለ። እናንተ ግን ስለ ወርቂት አውሩ። የወረሂመኖዋ ገዥ ወርቂት ልጃቸው መቅደላ ላይ በቴዎድሮስ እጅ ታስሮ ነበር። በ1857 ወጣቱ ምኒልክ ከመቅደላ አምልጦ ግዛታቸው ገባ። ይዘው ቢመልሱት ልጃቸውን ሊያተርፉ ይችሉ ነበር። አሳልፈው ሸኙት። ቴዎድሮስ ልጁን ገደሉት፤ ገደል ተወረወረ። ገደሉ አፋፍ ላይ ከመጠጋታችሁ በፊት ይህን ጨርሱ፤ እያለቀሰ ወደ አፋፍ የሚሄድ ሰው አያስፈልግም።

ላሊበላ የሚደርስ ካለ ቤተ ጊዮርጊስ ግድግዳ ላይ ባሉት ጉድጓዶች ውስጥ የሚታየውን አፅም በዝምታ ያሳየው። አፍሮ አይገባ የተባለው የወርቅ መስቀል በ1989 ዓ.ም. ከቤተ መድኃኔ ዓለም ተሰርቆ፣ ቤልጂግ አገር አንድ ሰብሳቢ እጅ ተገኝቶ መመለሱንም ይንገር። መጨረሻው ደስ የሚል የወንጀል ታሪክ ብዙ የለንም።

ደረጃ 9፦ ማሳረጊያ

የማታውን ጉዞ መንገድ ላይ አትበትኑት። ሰው ከባድ ነገር ሰምቷል። ሙቀት ያስፈልገዋል። የኔ ቡድን የሚጨርሰው ያኔ መስኮት ከከፈቱት እማማ ቤት ነው። ክፍያቸውን አስቀድሜ እሰጣለሁ። ጨሳው ይጨሳል፣ አሹቅ ይቀርባል። ከአቦል እስከ በረካ እንቀመጣለን። እንግዶቹ ይጠይቃሉ፤ መልስ የማላውቀው ካለ ደብተሬ ላይ እጽፈዋለሁ። እማማ ከፈለጉ ስለ አባታቸው ያወራሉ። ካልፈለጉ ዝም ብለው ስኒውን ያጥባሉ፤ እኔም አልጎተጉታቸውም።

ስትወጡ እንደገና ቁጠሩ። አሥራ ሁለት ወጥተው ከሆነ አሥራ ሁለት ይመለሱ። እስከ ሆቴላቸው በር ሸኟቸው። ከዚያ ለአዳራሹ ጥበቃና ለሰፈሩ ሽማግሌ ደውላችሁ «በሰላም ጨርሰናል፣ አላህ ይስጥልን፣ እግዜር ይስጥልን» በሉ። የነገ ማታ ጉዞ ካለ ባትሪውን ቻርጅ ላይ ሰክታችሁ ተኙ።